«ተተከለ» ሌላ፣ «ለማ» ሌላ

ለዝግጅት ክፍሉ፣

ጤና ይስጥልኝ። የባሕር ዳር ነዋሪ ነኝ። ዕድሜዬን የጨረስኩት ችግኝ ጣቢያ ውስጥ ነው። ላስቲክ ውስጥ አፈር ስሞላ፣ መደብ ሳጠጣ፣ ዘር ስለቅም ኖሬ አሁን ጡረታ ላይ ነኝ። ጡረተኛ ጊዜ አለው። ጊዜ ያለው ሰው ደግሞ ቃል ይመነዝራል፤ እንግዲህ ታገሡኝ።

ሰሞኑን ባወጣችሁት ዜና ላይ፣ ከከተማችን ወጣ ብሎ ያለ አንድ ዳገት በአንድ ቀን ጠዋት «በደን ለማ» የሚል አየሁ። ያኔ ጎረቤቴ ቤት ቡና ላይ ነበርን። ጮክ ብዬ አነበብኩላት። «ውይ፣ ተባረኩ! ታዲያ ጅብ አይመጣብንም ወይ ጋሼ?» አለችኝ። ሁላችንም ሳቅን። ኋላ ሳስበው ግን ነገሩ ቀልድ ብቻ አልሆነልኝም። ደን ከተባለ ጅብ አለበት፣ ጦጣ አለበት፣ ቅጠል በስብሶ የጠቆረ አፈር አለበት። ጋዜጣው «ለማ» ካለ እሷ ምን ታድርግ?

በማግስቱ ዳገቱን ሄጄ አየሁት። ችግኙ ከጉልበቴ በታች ነው። ግማሹ ግራቪሊያ፣ ግማሹ ጽድ። ደስ ይላል፤ ማን ይጠላል? ግን ደን አይደለም። ገና ልኑር ወይስ ልቅር እያለ ነው።

ቅሬታዬ ይኸው ነው። «ማልማት» የምትለዋን ቃል ከአቅሟ በላይ እያሸከምናት ነው።

ቃሏ ጥሩ ቃል ነች። ለማ ሲባል በዛ፣ ፋፋ፣ ለመለመ ማለት ነው። ሰው ልጁን «ለማ» ብሎ የሚጠራው እንዲያው አይደለም። ተቃራኒዋ ጠፍ ነው። ጠፍ መሬት ማለት ሰው የማይጠቀምበት መሬት ነው። ስለዚህ በገበሬው አፍ «መሬት አለማሁ» ሲባል ብዙ ጊዜ ጫካውን መንጥሬ፣ ጉቶውን ነቅዬ፣ አርሼ ዘራሁበት ማለት ነው። አባቴም እንዲህ ነበር የሚለው። አባቴ ዛፍ ቆርጦ አለማ፤ እኔ ልጁ ዛፍ ተክዬ አለማሁ። ከተማ ስገባ ደግሞ መንገድ ሲሰፋ ዛፉ «ለልማት» ይነሳል። በእጄ ያፈላሁት አንድ ጃካራንዳ ነበር። ትልቅ ሆኖ፣ ሊስትሮዎች ከሥሩ ተቀምጠው ይሠሩ ነበር። አንድ ቀን ሳልፍ ጉቶው ብቻ ቀርቷል። ልጆቹን ብጠይቃቸው «ለልማት ነው አሉ» አሉኝ። ማን እንደቆረጠው አላነሳም፤ የያዝኩት የቃሉን ነገር ነው። ሲተከልም ልማት፣ ሲቆረጥም ልማት!

በነገራችን ላይ «የጫካ ልማት» ሲባል ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? እኔ አልሰማሁም። ያው ዛፍ፣ ያው ቅጠል፣ መንግሥት ሲያወራበት ደን ነው፣ ጅብ ሲያድርበት ጫካ ነው።

ሕጉም ውስጥ ቃሉ ቦታ ሲቀያይር ታገኙታላችሁ። በ1986 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 94 ስለ ደን ጥበቃ፣ ልማትና አጠቃቀም ነበር። በ1999 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 542 ግን የደን ልማት፣ ጥበቃና አጠቃቀም ሆነ። የ2010 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 1065ም ልማትን እንዳስቀደመ ቀጠለ። የሕግ ሰው ስላልሆንኩ ከቃል ቅደም ተከተል ብዙ አልፈለፍልም። ጥበቃ ወደ ኋላ ወንበር መዞሯን ግን ልብ ብያለሁ። እኛ ችግኝ አፍላዎች የእኛ ሥራ ወደ ፊት ስለመጣ ሳንደሰት አልቀረንም።

«ተከለ»ም ተራ ቃል እንዳትመስላችሁ። ድንኳን ይተከላል፣ ፋብሪካ ይተከላል፣ ቤተ ክርስቲያንም ይተከላል። ሐምሌ 22 ቀን 2011 ዓ.ም. በአገር አቀፍ ደረጃ በአንድ ቀን ከ350 ሚሊዮን በላይ ችግኝ መተከሉ ሲነገር የተባለው «ተተከለ» ነው። ከቃሉ ጋር ጠብ የለኝም፤ በአንድ ቀን መትከል ይቻላል። ነገር ግን «ተከለ» የሚያወራው ስለ ተካዩ ነው። ስለ ችግኙ የሚያወራው «ጸደቀ» የሚለው ነው።

ይህን ቃል በጣም እወደዋለሁ። ሰው በምግባሩ ይጸድቃል፣ አዋጅ በምክር ቤት ይጸድቃል፣ ችግኝ ደግሞ በጋውን ሲያልፍ ይጸድቃል። ሪፖርት ላይ «የጽድቀት መጠን» እየተባለ ይሞላል። ክረምት ላይ ሁሉም ችግኝ ጻድቅ ይመስላል። ሐምሌ ላይ እኮ የአጥር እንጨትም ያቆጠቁጣል። ፈተናው ዝናቡ ሲያቆም ነው። መሬቱ ይሰነጠቃል፣ ምስጥ ይመጣል፣ የመንደሩ ፍየል ይመጣል። መጋቢት ላይ ቆሞ ያገኛችሁት እሱ ጸድቋል።

ያን ዳገት ስዞር ያየሁትን ልንገራችሁ። ጎንበስ ብዬ አንዱን ችግኝ በሁለት ጣቴ ያዝ አደረግሁት። ተወዛወዘ። አፈሩን ገለጥ ሳደርገው ጥቁሯ ላስቲክ ብቅ አለች። ሳይቀዷት፣ ከነላስቲኩ ቀብረውታል። ሥሩ መውጫ አጥቶ ከታች እንደ ጥቅል ክር ተጠምዝዟል። ምላጭ አልያዝኩም ነበርና ላስቲኩን በጥርሴ ቀደድኩት። የተጠማዘዘውን ሥር ጫፉን በጥፍሬ ቆርጬ፣ መልሼ ተከልኩት፣ ዙሪያውን በእግሬ ጠቅጠቅ አደረግሁ። አጠገቡ ያለውም እንደዚያው ነው። ሦስተኛውም። ሰባት ያህል ካቃናሁ በኋላ ወገቤ እምቢ አለ። በተከሉት ልጆች አልፈርድም። ያሳያቸው የለም፤ ካሜራው ቸኩሏል፣ አውቶብሱም ሞተሩን አስነስቶ ይጠብቃል። «መጽደቁ ቀርቶብኝ በቅጡ በኮነነኝ» ይባል የለ? ያ ችግኝ አፍ ቢኖረው ይህንኑ ይል ነበር።

ጎረቤቴ ዩኒቨርሲቲ ደን የሚያጠና ልጅ አላት። ይህን ሳወራለት «ጋሼ፣ እኛ ጋ አፎረስቴሽንና ሪፎረስቴሽን ለየብቻ ናቸው» አለኝ። ልክ ነው። በተባበሩት መንግሥታት የምግብና የእርሻ ድርጅት፣ በፋኦ ማለት ነው፣ አፎረስቴሽን የሚባለው ለሌላ ነገር ይውል በነበረ መሬት ላይ ተክሎ ወይም ዘር ዘርቶ ደን መፍጠር ነው። ሪፎረስቴሽን ደግሞ በደን መሬትነቱ በሚታወቅ ቦታ ላይ ደኑን መልሶ ማምጣት ነው። ስለ አየር ንብረት ለውጥ በተደረገው የኪዮቶ ስምምነት አሠራር አፎረስቴሽን ለመባል መሬቱ ቢያንስ 50 ዓመት ደን ያልነበረበት መሆን አለበት። 50 ዓመት! እኛ በአማርኛ ሁሉንም «የደን ልማት» ብለን እንገላገላለን።

ቃል አጥተን ግን አይደለም። «መልሶ ማልማት» አለን። «መልሶ» የምትለዋ ትንሽ ቃል ብዙ ታወራለች፤ እዚህ ቦታ ድሮ ነበረ፣ አጥፍተነው ነው ትላለች። «ደን ማልበስ»ም አለ። እኔ እሱን አስበልጣለሁ። መሬት ተራቆተ እንላለን አይደል? የተራቆተ ይለብሳል። ምንም ሳይተከል ቦታው ከከብትና ከመጥረቢያ ተጠብቆ ጉቶው ሲያቆጠቁጥ ደግሞ «ተከለለ» እና «አገገመ» አሉን። ክልል የተደረገ ዳገት ያለ ምንም የምረቃ ሥነ ሥርዓት ራሱን ሲመልስ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። ምናልባት ሪባን ስለማይቆረጥበት ይሆናል ዜና የማይሆነው።

ደን ራሱ ምንድን ነው ካላችሁ፣ አገራችን በ2007 ዓ.ም. ያስቀመጠችው መስፈርት አለ። ስፋቱ ቢያንስ ግማሽ ሔክታር፣ ቁመቱ ቢያንስ 2 ሜትር፣ የቅርንጫፉ ሽፋን ቢያንስ 20 በመቶ። ቀርከሃም ይቆጠራል። ዳገታችን በስፋቱ ያልፋል፤ ቁመቱን ከጉልበቴ ጋር ለክቼ ነግሬያችኋለሁ።

መስፈርቱን የሚያሟላ ሁሉ ደግሞ በሰው አፍ ደን አይባልም። አዊ፣ ፋግታ ለኮማ፣ ገበሬ የሆነ የአክስቴ ልጅ አለኝ። ያ አካባቢ ዲከረንስ በሚባል የግራር ዓይነት ዛፍ የታወቀ ነው። ስልክ ደውዬ «ደንህ እንዴት ነው?» አልኩት። «የምን ደን አመጣህብኝ? ዲከረንስ ነው እንጂ» አለኝ። በመጀመሪያው ዓመት ዲከረንሱን ከሰብል ጋር ይተክለዋል። ቀጥሎ ከሥሩ ሣር እያጨደ ለከብት ይሰጣል። በአራተኛው ወይም በአምስተኛው ዓመት ይቆርጠውና ከሰል ያከስለዋል። ከዚያ መሬቱን አርሶ እንደገና ጤፍ። ለእሱ ዲከረንስ ከጤፍ ጋር የሚፈራረቅ ሰብል ነው። በሳተላይት ከላይ ለሚያይ ግን ለምለም ደን ነው። ነቀፌታ የለኝም፤ ቤቱን ቆርቆሮ ያለበሰው ይኸው ከሰል ነው። ነገር ግን «የዛፍ እርሻ» ብንለው ምን ይጎድላል? ባሕር ዛፉም እንደዚያው ነው። ከአፄ ምኒልክ ዘመን ጀምሮ አብሮን አለ፣ ቤታችንን ሠርቷል፣ እንጀራችንን ጋግሯል። ባለቤቱ ግን «ባሕር ዛፌ» ነው የሚለው፤ «ደኔ» ሲል አልሰማሁም።

ጣና ዳር ስትመጡ ደግሞ «ማልማት» ሌላ ችግር ታመጣለች። ቀደም ብዬ እንዳልኩት፣ አለማሁ ሲባል ቀድሞ የነበረው ጠፍ ነው ማለት ነው። ረግረጉ ግን ጠፍ አይደለም። ደንገል የሚበቅልበት ነው፤ ታንኳ የሚሠራው ከዚያ ነው። ወፍ ይፈለፈልበታል፣ ዓሣ ይራባበታል፣ ከእርሻው የሚመጣውን ደለልም ያጠራል። እዚያ ላይ ውሃ የሚወድ ባሕር ዛፍ ደርድሮ «አለማን» ማለት፣ ሰው ቤት ገብቶ ዕቃውን አውጥቶ የራሱን ማስገባት ነው። ጣና በ2007 ዓ.ም. ከዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ሥፍራነት ያገኘው በዛፉ ብቻ አይደለም፤ ረግረጉም አለበት።

ዘጌን እዩ። ባለ ቡናው ባሕረ ገብ መሬት ጥላው እንዲህ ጥቅጥቅ ያለው ማንም «በደን አልምቶት» አይደለም። በዘጌ በሬ ጠምዶ ማረስና ከብት ማርባት በገዳሙ ሥርዓት የተከለከለ ነው ሲባል ነው ያደግነው። ቡናውና ጌሾውም ከአቡነ በትረ ማርያም በትር በቀለ ይላል አፈ ታሪኩ። ታዲያ ሰው አልሠራውም ማለት አይደለም። ቡና ይተከላል፣ ይታረማል፣ ይለቀማል፣ ጥላ የሚሰጠው ዋንዛም ይጠበቃል። ተካይና ጠባቂ ለትውልድ ሲሠሩ ኖረዋል፤ «ልማት» የሚል ሰሌዳ ግን አልተሰቀለም።

እዚህ ላይ ቋንቋችን ራሱ የሚነግረን ነገር አለ። «ገዳም» በግዕዝ ሰው የማይኖርበት በረሃና ምድረ በዳ፣ ዱር ማለት ነበር። መነኮሳቱ ዱሩ ውስጥ ስለገቡ ነው ስሙ ወደ እነሱ የዞረው። የቤተ ክርስቲያኑን ዛፍ ደግሞ «አፀድ» እንለዋለን። አፀድ ማለት የታጠረ፣ የተከለለ ቦታ ነው። በአፀደ ሥጋ፣ በአፀደ ነፍስ የምንለው ከዚያው ነው። በክልላችን የገጠር ቤተ ክርስቲያን ከሩቅ የሚታወቀው በዛፉ ነው። ዙሪያው ገላጣ እርሻ፣ መሐሉ ላይ ጥቁር አረንጓዴ ክብ፣ በውስጡ ወይራ፣ ጽድ፣ ብሳና። ለእሱ የሰጠነው ስም የመትከል ሳይሆን የአጥር ስም ነው። ዘር መልቀም ስንፈልግም የምንሄደው ወደዚያ ነበር። ቄሱን አስፈቅደን፣ ከጽዱ ሥር ተንበርክከን እንለቅማለን። ያ ሁሉ «የለማ ደን» ዘሩ ከአፀድ ነው።

የምለምናችሁ ብዙ አይደለም። ችግኝ በተተከለ ቀን «ተተከለ» በሉ፤ ቁጥሩንም እንደልባችሁ ጻፉ። «ጸደቀ»ን ለመጋቢት አቆዩት፤ ያኔ ተመልሳችሁ ቁጠሩ። ድሮ ደን የነበረበትና ያልነበረበት ከሆነ ለይታችሁ ጻፉ፤ የመንደሩን ሽማግሌ አንድ ጥያቄ ብትጠይቁ ይበቃል። ከሰል ሊከሰል የተተከለውን የዛፍ እርሻ ብትሉት ገበሬው አይቀየማችሁም፤ እሱም እንደዚያው ነው የሚለው። «ደን ለማ» የምትለዋን ግን እባካችሁ አስቀምጧት። ትደርሳለች።

ከጥምቀት በኋላ አንድ ጋዜጠኛ ብትልኩ ያን ዳገት እኔው አሳየዋለሁ። የታክሲውን እኔ እችላለሁ። ምላጭ ይዤ እመጣለሁ፤ እሱ ውሃና ኮፍያ ይያዝ፣ ጥላ የለውም።

አክባሪያችሁ፣
ጡረተኛው ችግኝ አፍላ፣ ከባሕር ዳር