ለአባባ፣ ከሐሙስ በፊት

ውድ አባባ፣

እጅዎ እንዴት ነው? ጠዋት ጠዋት የሚብስብዎት መንቀጥቀጥ ቀለል አለልዎት? ልጆቹ ደኅና ናቸው። ትንሿ የፊት ጥርሷ ወልቆ «ሰ» ማለት አቅቷታል። ትልቁ በቁመት ሊበልጠኝ ነው። ስለ ልጆቹ ገጽ ሙሉ ብጽፍ ደስ ባለኝ፤ ዋናውን ነገር መጀመር ፈርቼ ነው።

ስለዚያ ማታ ነው። ስልክዎን ከእጅዎ ቀምቼ «በዚህ ዕድሜዎ ቤቲንግ! አያፍሩም?» ስላልኩዎት ማታ። ይቅር ይበሉኝ። ቁጠባዎ ማለቁ አስደንግጦኝ ነበር።

በማግስቱ ሐኪሙን ብቻዬን ሄጄ አነጋገርኩት። ለሚያንቀጠቅጥዎት ሕመም፣ ለፓርኪንሰኑ፣ የሚወስዱት ፕራሚፔክሶል አንጎል ውስጥ የጎደለውን ዶፓሚን የሚባል ኬሚካል ተክቶ ይሠራል። ሰውነትዎን የሚያፍታታልዎት እሱ ነው። ዶፓሚን ግን ጉጉትንም ያነሳሳል። ስለዚህ መድኃኒቱ አንዳንድ ሰው ላይ ልጓሙን ያላላል። አንዱ ቁማር ይጀምራል፣ ሌላው ያለ ልክ ይሸምታል፣ ሌላው ምግብ አልበቃ ይለዋል። እ.ኤ.አ. በ2010 በታተመ ጥናት ከ3,000 በላይ የፓርኪንሰን ሕሙማን ተጠንተው 13.6 በመቶው እንዲህ ያለ ግፊትን የመቆጣጠር ችግር ተገኝቶባቸዋል። ቤትዎ ካርታ እንኳ የማያስገቡት እርስዎ ሌሊት ሙሉ ሲወራረዱ ማደርዎ ያኔ ገባኝ።

ሐኪሙ ባለፈው «አዲስ የጀመሩት ልማድ አለ?» ሲልዎት «የለም» አሉት። አጠገብዎ ነበርኩ። አፍረው ነው፤ አውቃለሁ። ሐሙስ ግን እውነቱን ይንገሩት።

ክኒኑን በራስዎ እንዳያቆሙት! በድንገት ሲቆም ጭንቀት፣ ላብ፣ ከባድ ድብርት ሊያመጣ ይችላል። ሐኪሙ ራሱ ቀስ በቀስ ይቀንሰዋል። እስከዚያ የባንክ ካርዱ እማማ ጋ ይቀመጥ። ቅጣት እንዳይመስልዎት።

አባባ፣ አንድ ነገር ግን አልዋጥልኝ አለ። ሐኪሙ «የአባትሽ ጥፋት አይደለም» ሲለኝ እፎይ አልኩ። ወዲያው ደግሞ ተናደድኩ። ለወንድሜስ ማን እንዲህ አለለት? ያን ክረምት ሻንጣውን በር ላይ አውጥተው «ከእኔ አብራክ ቁማርተኛ አልወጣም» ነበር ያሉት። እኔም ደረጃው ላይ ቆሜ ዝም አልኩ።

እሱ የሚያሳብብበት ክኒን አልነበረውም። ግን ስንቴ ምሎ ስንቴ እንደተመለሰበት አብረን አይተናል። ያኔ እንኳ ሐኪሞች ቁማርን ግፊትን መቆጣጠር ከሚያቅትባቸው ሕመሞች ተርታ ነበር የሚመድቡት። እ.ኤ.አ. በ2013 የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ከሱስ ጋር አዛወሩት። በየትኛውም ስሙ ሕክምና አለው። እሱ ለወራት ከባለሙያ ጋር ተቀምጦ ተነጋግሯል። ግፊቱ መቼ እንደሚመጣበት ለየ፦ ደመወዝ ቀን፣ ብቻውን ሲሆን፣ ሰው ሲያስቀይመው። ደመወዙን ለሚስቱ ሰጠ። ግፊቱ ሲመጣ ተነስቶ መሄድን፣ ሰው ጋ መደወልን ተማረ። ናልትሬክሶን የሚባል መድኃኒትም ለተወሰነ ጊዜ ታዞለት ነበር። ይህን ሁሉ እርስዎ አያውቁም። ጠይቀው አያውቁማ።

የእርስዎን ስነግረው ብዙ ዝም አለ። ከዚያ «ማታ ማታ ነው የሚብሰው፤ ብቻቸውን እንዳታስመሿቸው» አለኝ። ሌላ ምንም አላለም።

የሐሙስ ቀጠሮ 4 ሰዓት ላይ ነው። ክኒኖቹን ከነማሸጊያቸው ይያዙ። እኔ ከሥራ መውጣት ስላልቻልኩ የሚወስድዎት እሱ ነው። «እኔ ልሂድ» ያለው ራሱ ነው። ሲያንኳኳ እማማን አይላኩ። በሩን እርስዎ ይክፈቱለት።

ልጅዎ