የታሪክ ክበብ የ2016 ዓ.ም. ዘገባ፦ ካሳው ለማን ተከፈለ?

የዘንድሮ ርዕሳችን የመጣው ከአንዲት የ9ኛ ክፍል አባላችን ጥያቄ ነው፦ «የሻሸመኔዎቹ ጃማይካውያን አያቶች ጃማይካ እንዴት ደረሱ?» መልሱ ወደ ሸንኮራ እርሻ ወሰደን፤ ዓመቱን ሙሉም ከዚያ አልወጣንም።

እንግሊዞች ጃማይካን ከስፔን የነጠቁት እ.ኤ.አ. በ1655 ነው። ከዚያ በኋላ መቶ ሺዎችን ከአፍሪካ በመርከብ እያጋዙ ሸንኮራ ያስተክሏቸው፣ ያስቆርጧቸው፣ ያስጨምቋቸው ነበር። የተቆረጠ ሸንኮራ ቶሎ ካልተጨመቀ ስለሚበላሽ በመከር ወራት መጭመቂያው ሌሊትም አይቆምም። እንቅልፍ እያዳፋው እጁ በመጭመቂያው የተያዘበትን ሰው ክንዱን ቆርጦ ለማትረፍ መጥረቢያ አጠገቡ ይቀመጥ ነበር። ይህን በጠዋት ሰልፍ በሚኒ ሚዲያ ካነበብን በኋላ የአባላት ምዝገባ በዛ።

በግድግዳ ጋዜጣችን ሰፊውን ቦታ ያገኘው ሳሙኤል ሻርፕ ነው። ራሱ በባርነት የተያዘ የባፕቲስት ሰባኪ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1831 የገና ሰሞን «ያለ ደመወዝ አንሠራም» የሚል አድማ አስተባበረ፤ አድማው ወደ አመፅ ተለወጠ። እሱ በ1832 ተሰቀለ፤ ከ300 በላይ ሰዎችም ተገደሉ።

በዓመቱ የብሪታንያ ፓርላማ የባርነት ማስቀሪያ ሕግ አወጣ፤ 20 ሚሊዮን ፓውንድ ካሳም መደበ። የተከፈለው ግን ለጌቶቹ ነው። ለተገረፉት ሰባራ ሳንቲም አልደረሳቸውም። ጭራሽ ስድስት ዓመት የሞላው ሁሉ «ተለማማጅ» ተብሎ በሳምንት ከ40 ሰዓት በላይ ለዚያው ጌታ በነፃ እንዲሠራ ተገደደ፤ ይህ የቀረው በ1838 ነው። ለካሳው የተገባው ዕዳ ተከፍሎ ያለቀው ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2015! አባሎቻችን አላመኑም፤ የአገሩ ግምጃ ቤት ራሱ መናገሩን እስኪያገኙ ድረስ ፈለጉ። እንግሊዝ የሚኖሩ የካሪቢያን ተወላጆችም በግብራቸው የአያቶቻቸውን ጌቶች ካሳ ሲከፍሉ ኖረዋል ማለት ነው።

የጥያቄና መልስ ውድድሩ በደንብ ተካሂዷል። ዋናው ክርክራችን የካሪቢያን መንግሥታት እ.ኤ.አ. ከ2013 ጀምሮ በጋራ ስለሚያነሱት የካሳ ጥያቄ ነበር። «ተበዳዮቹ ሞተዋል፣ ለማን ይከፈላል?» ያለው ወገን በርትቶ ተሟግቷል። እኔ ግን ለጌቶቹ የወጣው ዕዳ እስከ ትናንት ሲከፈል ከቆየ «ጊዜው አልፏል» የሚለው ነገር አይዋጥልኝም።

በወላጆች ቀን አንድ አባት «የእኛንስ አገር ባርነት መቼ ታጠኑታላችሁ?» ሲሉ ጠየቁን። እውነታቸውን ነው። የ2017 ዓ.ም. የመጀመሪያ ርዕሳችን የ1934 ዓ.ም. የባርነት ማጥፊያ አዋጅ ይሆናል፤ አባላትም በክረምቱ አያቶቻቸውን እየጠየቁ የሚጽፉበት ደብተር ወስደዋል።