ለሁለታችን አንድ ፖስታ

ለጋዜጣው አዘጋጅ፣

እንደምን ሰነበታችሁ? ባለፈው ሳምንት ስለ ኬስለር መንትዮች ያወጣችሁትን ጽሑፍ እዚህ ሐዋሳ፣ አቶቴ ሰፈር ቤታችን ቡና ተቀምጠን ለእህቴ ጮክ ብዬ አነበብኩላት። ደስ ብሎናል፤ ስለ መንታ ጨፋሪዎች የሚጽፍ ጋዜጣ ከየት ይገኛል! ግን አንድ ነገር ከነከነን። ጽሑፉ ከላይ እስከ ታች ስለ መመሳሰላቸው ነው። ቁመታቸው፣ እግራቸው፣ ጸጉራቸው። አንብቤ ስጨርስ እህቴ «በቃ ተመሳስለው ተወለዱና ታዋቂ ሆኑ?» አለችኝ።

እኛም መንታ ነን። ሐዋሳ ውስጥ ሰርግ ላይ፣ ምርቃት ላይ፣ አንዳንዴም ሆቴል ውስጥ እየዘፈንን እንጨፍራለን። ዘጠኝ ዓመት ሆነን።

አሊስና ኤለን ኬስለር ጀርመን ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1936 ተወለዱ። ባሌት የጀመሩት በስድስት ዓመታቸው ነው። ከዚያ የላይፕሲግ ኦፔራ የልጆች ባሌት ገቡ፣ በ1952 ከቤተሰባቸው ጋር ከምሥራቅ ጀርመን ወደ ምዕራብ ሸሹ፣ በ1955 ፓሪስ ውስጥ ሊዶ በሚባለው የጭፈራ ትርኢት ቤት መድረክ ላይ ወጡ። በ1959 ዩሮቪዥን በሚባለው የአውሮፓ አገሮች የዘፈን ውድድር ላይ አገራቸውን ወክለው ዘፍነው ስምንተኛ ሆኑ (ተወዳዳሪው 11 ነበር፣ እንግዲህ ቁጠሩት)። የጣሊያን ቴሌቪዥን በ1961 አገር ምድሩን እንዲወዳቸው ያደረገው፣ ሃያ ዓመት ሊሞላ ጥቂት የቀረው ልምምድ ከኋላቸው ይዘው ሲመጡ ነው። እሱን ዘላችሁት ወደ እግራቸው ሄዳችሁ።

መመሳሰል እንዴት እንደሚሠራ ልንገራችሁ። እኛ መጀመሪያ ፊት ለፊት ቆመን ነበር የምንለማመደው። ፊት ለፊት ስትቆሙ የእሷ ግራ በእናንተ ቀኝ በኩል ይሆናል፤ እንደዚያ ለምዳችሁ ሰው ፊት ስትወጡ ትከሻችሁ ይምታታል። አሠልጣኛችን ጎን ለጎን አቆመንና «አትተያዩ» አለን። ታዲያ በምን እንግባባ? በትንፋሽ። እስክስታ ላይ ትከሻ ከመነሳቱ በፊት አፍንጫ አየር ይስባል፣ ሙዚቃው ምን ቢጮህ እኔ እሱን ነው የምሰማው። የእህቴ ግራ ትከሻ ደግሞ ትንሽ ይዘገያል፤ ልጅ ሆና ከባጃጅ ወድቃ ነው። የእሷን ማፍጠን ስላልተቻለ እኔ የራሴን አዘገየሁት። ሁለት ዓመት ፈጀብኝ። ሰው «ወይኔ፣ ቁርጥ አንድ ናቸው እኮ!» ብሎ የሚያጨበጭበው ለዚያች መዘግየት ነው።

ሒሳብ ሲመጣ ግን አንድ ፖስታ ነው። ባለፈው ጥር አንድ ሰርግ ላይ የጠራን ሰውዬ ኪቦርድ ተጫዋቹ ብቻውን የወሰደውን ያህል ለሁለታችን ሰጠን። ለምን ስንለው «እናንተ እኮ አንድ ናችሁ» ብሎ ሳቀ። እህቴ ምላሷ አይቻልም፣ «ምሳውንስ በአንድ አፍ ነው የበላነው?» አለችው። እኔ መሬት መሬት አየሁ። ከዚያ ወዲህ አልደወለልንም።

ኬስለሮች ከአሜሪካዊው ዘፋኝ ከኤልቪስ ፕሪስሊ ጋር ፊልም ሥሩ ተብለው እምቢ ማለታቸውን ጽሑፋችሁ እንደ ቂልነት ነው ያነሳው። አሜሪካ ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ነገር ብቻ እንዳታሠራን ብለው እኮ ነው! እኔ ብሆን እምቢ እላለሁ ወይ? እውነቱን ለመናገር አልልም። በሁለተኛው ቀን ሻንጣዬን ይዤ እገኝ ነበር። ግን ገባኝ። ጣሊያን ውስጥ ደግሞ ቴሌቪዥን ጣቢያው እግራችሁ ይሸፈን ብሎ ወፍራም ጥቁር ታይት አስለበሳቸው፤ እነሱም ለብሰው ጨፈሩ፣ ሥራው አልቀረም። 80 ሊሞላቸው ሲል እንኳ በርሊን ውስጥ በሙዚቃ ድራማ መድረክ ላይ ነበሩ። በዚያ ዕድሜ መልክ ብቻውን የት ያደርሳል?

በእኛ አቆጣጠር በ2018 ዓ.ም. ኅዳር ወር፣ በ89 ዓመታቸው፣ በአንድ ቀን አረፉ። እዚህ ላይ ስደርስ እህቴ ጀበናውን ልየው ብላ ተነሳች፣ ጀበናው ገና አልፈላም ነበር።

አንድ ነገር ብቻ ላስቸግራችሁ። ያወጣችሁት ፎቶ ትልቅና ጥሩ ነው፣ ቆርጠን ግድግዳ ላይ ለጥፈነዋል። ከሥሩ ግን «መንትዮቹ» ብቻ ነው የሚለው። በግራ ያለችው አሊስ ናት ወይስ ኤለን? በሚቀጥለው እትም ጻፉልን።

በሃያ ደቂቃ ታላቅ የሆንኩት
ከሐዋሳ