ስለ ኃይሌ ገሪማ ዘጋቢ ፊልሞችና በቀረጻ ስለተያዘው የአባቶች ቃል

ለተከበሩ ዋና አዘጋጅ፦

የፊልም ሠሪው የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ስም በተነሣ ቁጥር የሚጠቀሱት «ሳንኮፋ» እና «ጤዛ» የተሰኙት ልብ ወለድ ፊልሞቻቸው ናቸው። ሁለቱም ክብር የሚገባቸው ሥራዎች ናቸው። ሆኖም ዘጋቢ ፊልሞቻቸው በአንድ ዓረፍተ ነገር ሲታለፉ ማየት፣ ለብዙ ዓመታት ታሪክ ላስተማርሁ ለእኔ እጅግ ያሳዝነኛል።

እ.ኤ.አ. በ1999 ያቀረቡትን የዐድዋ ዘጋቢ ፊልም እንመልከት። ሲኒማ በፓሪስ ለሕዝብ ከታየ ሁለት ወር ብቻ ቆይቶ፣ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. የተካሄደውን ጦርነት የቀረጸ ካሜራ አልነበረም። ስለዚህ ፊልሙ የቆመው በሥዕል፣ በፎቶግራፍ፣ በዜማና በአረጋውያን ትረካ ላይ ነው። ይህ አማራጭ ከማጣት ብቻ የመጣ አይመስለኝም፤ አባታቸው ተውኔት ጸሐፊ፣ አያታቸው ደግሞ ተረት ነጋሪ የነበሩ የጎንደር ልጅ፣ አፈ ታሪክን እንደ ማስረጃ መቁጠርን የተማሩት ከቤታቸው ነው። ቀድሞም በ1974 እ.ኤ.አ. «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ሲሠሩ፣ ድርሰቱ ልብ ወለድ ቢሆንም ተዋንያኑ ተራ ገበሬዎች ስለነበሩ፣ የባላባትና የጭሰኛ ኑሮ ከመማሪያ መጻሕፍት በተሻለ ይታይበታል። በአሜሪካም ያለ አግባብ ስለተፈረደባቸው አሥር የዊልሚንግተን ታጋዮች የሠሩት ዘጋቢ ፊልም የዚሁ አመለካከት ውጤት ነው።

የ1928 ዓ.ም. የጣሊያን ወረራ ግን ከዐድዋ የተለየ ችግር አለው። በዚያ ዘመን ካሜራ ነበረ፤ የያዘው ግን ወራሪው ነው። የጣሊያን መንግሥት የፊልም ተቋም የሆነው ሉቼ ጦርነቱን የቀረጸው ለፋሺስቱ ፕሮፓጋንዳ ሲሆን፣ የአገራችንን ያለፈ ገጽታ ለማሳየት የሚሻ ኢትዮጵያዊ ዛሬም የሚያንኳኳው የሮምን ደጅ ነው። በእነዚያ ምስሎች ውስጥ አርበኛው ከሩቅ ይታያል እንጂ አይናገርም። ድምፁን የምናገኘው ፊልም ሠሪዎች ቤት ለቤት ዞረው ከቀረጹት ቃል ብቻ ነው። በ1928 ዓ.ም. የአሥር ዓመት ልጅ የነበረ ሰው ዛሬ በሕይወት ቢኖር ዕድሜው መቶ ዓመት ገደማ ነውና፣ ያልተጠየቀውን ለመጠየቅ ጊዜው አልፏል ለማለት ይቻላል።

በአንድ ዘጋቢ ፊልም ውስጥ ግን አንድ አረጋዊ ለሰዓታት ከተናገሩት የሚገባው ጥቂት ደቂቃ ነው። የቀረው ጥሬ ቀረጻ ለታሪክ ተመራማሪ ከተቀናበረው ፊልም ይበልጥ ሊጠቅም ይችላል፤ አረጋዊው የተጠራጠሩበት፣ ያረሙት፣ ዝም ያሉበት ቦታ የሚገኘው እዚያ ነውና። ካሴት በሙቀትና በእርጥበት ይበላሻል፤ የሚያጫውተው መሣሪያም ከገበያ እየጠፋ ነው። ብሔራዊው ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት ወመዘክር ከፊልም ሠሪዎቻችን ጋር ተስማምቶ፣ ባለቤትነታቸውን ሳይነካ ቅጂውን ቢያኖር ምንኛ በጎ ነበር!

ዝግጅት ክፍላችሁም በአገር ውስጥና በውጭ ያሉ ዘጋቢ ፊልም ሠሪዎቻችንን አነጋግሮ፣ የሰበሰቡት ቃል ዛሬ የት፣ በምን ሁኔታ እንደሚገኝ ቢጽፍልን በአክብሮት እጠይቃለሁ።

ከሰላምታ ጋር፣
አንድ ጡረተኛ የታሪክ መምህር