ደብረ ሲና ላይ የገዛሁት ቆሎ

አዲስ አበባ፣ ታኅሣሥ 14

ትርዬ፣ የኔ እህት፣

እንዴት ነሽልኝ? ይህን ደብዳቤ ሦስቴ ጀምሬ ሦስቴ ቀድጄዋለሁ። ከሦስት ዓመት በላይ ድምፄን አጥፍቼ «ሰላም ነሽ ወይ» ብዬ መጀመር አሳፈረኝ። ይቅርታ አድርጊልኝ። ወደ እሱ እመለሳለሁ። አሁን ግን ቶሎ ልንገርሽ፤ ቅዳሜ ከሌሊቱ 11 ሰዓት ወደ ደሴ እሄዳለሁ። ልጆቹን ይዤ፣ በአውቶቡስ፣ ብቻዬን።

ልጆቹን ስልሽ ደንግጠሽ ይሆናል። አዎ፣ ሁለት ሆነዋል። ሁለተኛዋ ሴት ናት። 1 ዓመት ከ8 ወሯ ነው። የወለድኩ ሰሞን ልደውልልሽ ስልኬን አንስቼ፣ ስምሽ ላይ ደርሼ፣ መልሼ አስቀመጥኩት። ጉንጯ ላይ ስርጉድ አላት፤ ሰው ስታይ ትስቃለች። አንቺ ብታገኛት ከእቅፍሽ አታወርጃትም ነበር። እናቴ እስካሁን በስልክ ብቻ ነው ያየቻት። «ለገና ካላመጣሽልኝ እኔ እመጣለሁ» አለች። በዚያ ጉልበቷ! መንገዱም ሰላም ነው ብለውኛል። ስለዚህ ቆረጥኩ።

ዛሬ ማታ አልጋው ላይ ቦርሳውን ዘርግቼ ስንቅ መደርደር ጀመርኩ። ጎረቤቴ ለመንገድ ብላ ቆሎ ቋጥራ ሰጥታኝ ነበር። ገብስ፣ ሽምብራ፣ ሱፍ፣ ኦቾሎኒ። ቦርሳው ውስጥ ልከተው ስል እጄ አልታዘዝ አለኝ። ልጅቷ እግሬ ሥር ቁጭ ብላ ቋጠሮውን «እ! እ!» እያለች ትጠይቀኛለች። ትርዬ፣ ወንድሟ ናቲ ያኔ አብረን ደሴ ስንሄድ የነበረበት ዕድሜ ላይ ናት። ወሩ ሳይቀር። ቋጠሮውን ቁም ሳጥኑ ላይ ሰቅዬ ወረቀት ፈለግሁ።

አንቺ እኮ ለደሴ መንገድ ስትሰንቂ ለዓመት ዘመቻ የምትወጪ ነበር የሚመስለው። ሰባት ዕቃ! ቆጥሬብሻለሁ። «ቤትሽን ነቅለሽ ልትሄጂ ነው?» ብዬ የሳቅሁብሽን አልረሳም። አንቺ ዝም ብለሽ ክዳኖቹን ጠበቅ ጠበቅ ታደርጊ ነበር። አሁን እነዚያን ሰባት ዕቃዎች አንድ በአንድ ለማስታወስ እየታገልኩ ነው። ድንቹ ትዝ ይለኛል፤ ጨው ነካ አድርገሽ የቀቀልሽው። ስኳር ድንቹም። ያ ለስላሳ አምባሻ፣ በፎጣ የተጠቀለለው። ሎሚው በኪስሽ ነበር። ጭኮው። ሌሎቹ ሁለቱ ምን ነበሩ? አንዱ ባዶ ነበር መሰለኝ። ለምን ባዶ እንደያዝሽ ያወቅሁት ጣርማ በር ቁልቁለት ላይ ናቲ ሲያስመልሰው ነው። አሁን እኔም ክዳን ያለው ባዶ የእርጎ ዕቃ አጥቤ አስቀምጫለሁ። ፌስታል ከዚያ ጋር አይወዳደርም፤ ይፈሳል፣ ይሸታል፣ ቢቋጠርም ሰው ሁሉ ያየዋል። ክዳኑን ግጥም ስታደርጊው ግን አለቀ።

ያንን ቁልቁለት ታውቂዋለሽ። ከ3,000 ሜትር በላይ ካለው ብርድ ተነስተሽ፣ አንድ ሰዓት ተኩል ሳይሞላ ሸዋ ሮቢት ሙቀት ውስጥ ትገቢያለሽ። ጠመዝማዛው አንጀት ያዞራል። መስኮት ልክፈት ብትዪ ከኋላ «ዝጊው! ብርድ ይመታናል!» ይሉሻል። በዚያ በታፈነ አየር አንዱ እንቁላል ይልጣል፣ ሌላው ብርቱካን። ልጅ ምን ያድርግ?

ስለዚህ ዘንድሮ እንዲህ አስቤያለሁ፤ ስህተት ካለው ንገሪኝ። እንቁላሉ የሚበላው ደብረ ብርሃን ሳንደርስ ነው። ሌሊት ቀቅዬ፣ ንጋት ላይ በብርዱ እንጨርሰዋለን። ሸዋ ሮቢት ሙቀት ውስጥ እንቁላል ይዤ አልገባም። ከደብረ ብርሃን በኋላ ለናቲ ምግብ አቆማለሁ። ባዶ ሆድም እንዳይሆን፣ ጥጋብም እንዳይሆን። ቁልቁለቱ ላይ ውሃ ብቻ፣ በትንሽ በትንሹ። መዋጡ ጆሮውንም ይከፍትለታል፤ ባለፈው ጆሮዬን እያለ ያለቀሰው ለዚያ እንደነበር የገባኝ በኋላ ነው። ሎሚውን በጥፍሬ ጫር አድርጌ አፍንጫው ሥር እይዝለታለሁ። ስልክ ደግሞ አይነካም። ተረት እየነገርኩት ወደ ውጭ እንዲያይ አደርገዋለሁ። ትንሿ ላታስመልስ ትችላለች። ናቲን ያኔ ቢያስመልሰውም፣ ከ2 ዓመት በታች ያሉ ልጆችን መንገድ እምብዛም አያጥወለውላቸውም። ሥጋቴ ሌላ ነው።

ብስኩትና ጁስ ዘንድሮ የለም። ባለፈው እኔ ያንን ብቻ ነበር የያዝኩት፤ ታስታውሻለሽ። ስኳሩ ለግማሽ ሰዓት ዝም ያሰኘዋል። ከዚያ ይጠማዋል። ይጠጣል። ከዚያ «ሽንቴ መጣ» ይላል፤ አውቶቡሱ ደግሞ በየሜዳው አይቆምልሽም። ረዳቱን ስትለማመጪ ልጁ ሱሪው ላይ ይለቀዋል። ሦስት ቅያሪ ሱሪ የጨረስነው በዚያ ምክንያት ነው። አውቶቡሱ ውስጥ የሚያድሉትን ኬክም ተቀብዬ ለእናቴ ነው የማደርስላት።

እሺ። አሁን ወደምፈራው ልምጣ።

ቆሎውን ደብረ ሲና ላይ የገዛሁት እኔ ነኝ። በመስኮት እጄን አውጥቼ። ልጅቷ በስኒ ሰፍራ ወረቀት ላይ ገለበጠችልኝ፤ ገና ትኩስ ነበር። ጭንሽ ላይ ያስቀመጥኩትም እኔ ነኝ። ናቲ ማልቀስ ሲጀምር ዓይኔን ሳልገልጥ «ስጪውና ዝም ይበል» ያልኩሽም እኔ። አንቺ «ልጁ ገና ትንሽ አይደለም ወይ?» ብለሽ ነበር። ሰምቼሻለሁ ትርዬ። እንቅልፍ ስለያዘኝ መልስ አልሰጠሁሽም እንጂ ሰምቼሻለሁ።

ከዚያ ድምፁ ጠፋ። እስካሁን በህልሜ የሚመጣብኝ እሱ ነው። ልጅ ሲታነቅ የሚጮህ፣ የሚያስል ይመስለኝ ነበር። ጭራሽ አልጮኸም። አፉ ተከፍቶ፣ ዓይኑ ፈጦ፣ ከንፈሩ እየጠቆረ፣ ምንም ድምፅ የለም። ከኋላችን የነበሩት እናት ባይነሱ ኖሮ! ከእጄ ነጥቀው በጭናቸው ላይ በሆዱ ደፉት፤ ጭንቅላቱን ወደ ታች አድርገው በመዳፋቸው ሥር በሁለቱ ትከሻዎቹ መሀል መቱት። አንዴ፣ ሁለቴ፣ ሦስቴ። አራተኛው ላይ ወጣች። ግማሽ ኦቾሎኒ። ነጠላቸው ላይ ወደቀች። ትንሽ ነገር ናት፣ ከጥፍሬ አትበልጥም።

እኔ ደግሞ ለእሳቸው «እግዚአብሔር ይስጥልኝ» ከማለት በፊት ወደ አንቺ ዞሬ «ልጄን ልትገድይው ነበር!» ብዬ ጮህኩብሽ። አውቶቡሱ ሙሉ ሰማ። አንቺ አንገትሽን ደፍተሽ ኮምቦልቻ ድረስ ቃል አልተነፈስሽም። «ስጪው ያልሽኝ አንቺ ነሽ» ማለት ትችይ ነበር። አላልሽም። ለምን አላልሽም? ብትናገሪ ኖሮ ያኔውኑ ተላቅሰን እናበቃ ነበር። ደሴ ስንደርስ ለእናቴም ያንቺ ጥፋት አድርጌ ነገርኳት። ለባለቤቴም እንደዚያው። ባለፈው ሳምንት ለእሱ እውነቱን ነገርኩት። ብዙ ዝም አለና «ለእኔ ሳይሆን ለእሷ ነው መንገር ያለብሽ» አለኝ። ለእናቴ ቅዳሜ ማታ እነግራታለሁ፤ ፊት ለፊት።

ይቅርታ የኔ እህት። ከዚህ በላይ እንዴት እንደምለው አላውቅም። ጽፌ ስጨርስ ደግሞ እንዳልቀደው ፈርቼ ቶሎ ወደ ምግቡ እመለሳለሁ።

የትንሿን የ15 ወር ክትባት ስናስከትብ አንዲት ነርስ አንድ ነገር አሳየችኝ። የምትሰጫትን ነገር በአውራ ጣትሽና በሌባ ጣትሽ መሀል ተጫኚው አለችኝ። ከተጨፈለቀ ትበላለች። ካልተጨፈለቀ አትበላም። በቃ። ቤት መጥቼ ወጥ ቤት ያለውን ሁሉ ስጨፈልቅ ዋልኩ። የተቀቀለ ድንች አለፈ። ሙዝ አለፈ። ካሮት ጥሬው ወደቀ፣ የተቀቀለው አለፈ። አምባሻው መሀሉ አለፈ፣ ዳርና ዳሩ ወደቀ። ዳቦ ቆሎ ወደቀ። እኔ ዳቦ ቆሎን የልጅ ምግብ ነው ብዬ ስቆጥር ነበር፤ ስሙም ጣዕሙም ያታልላል። ኦቾሎኒን መሞከርም አላስፈለገኝም።

ነርሷ ምክንያቱን ስትነግረኝ ነው ነገሩ የገባኝ። የዚህ ዕድሜ ልጅ በፊት ጥርሱ ይነክሰዋል እንጂ የሚያደቅበት የመንጋጋ ጥርስ ገና አልሞላለትም። የአየር ቧንቧው ጠባብ ነው። ሲያለቅስ ወይም ሲስቅ አየሩን በኃይል ይስባል፤ ፍሬውም አብሮ ይገባል። ኦቾሎኒና ለውዝ እንደ ፍሬያቸው 5 ዓመት እስኪሞላ አይሰጥም አለችኝ። እኛ ደግሞ የሚያለቅስ ልጅ አፍ ውስጥ ነው የጨመርነው፣ በሚያንገጫግጭ አውቶቡስ ላይ። ልጅ ሲያለቅስ አፉን በምግብ መዝጋት ስንት ጊዜ አድርገነዋል! እናቶቻችንም አድርገውታል። አሁን መጀመሪያ አባብዬ፣ ቀጥ አድርጌ አስቀምጬ፣ ከዚያ ነው የማጎርሳት።

ናቲ ደግሞ ምን እንደሚለኝ ታውቂያለሽ? «ደብረ ሲና ስንደርስ ቆሎ ትገዢልኛለሽ?» ከእናቴ የሰማው ነው፤ ያለፈውን እሱ አያስታውሰውም። 5 ዓመት ሞልቶታል፤ ይፈቀድለታል። እኔ ግን አልችልም። «ደሴ ወርደን፣ አያትህ በረንዳ ላይ ቁጭ ብለህ ትበላለህ» አልኩት። ተስማማ። እህቱ አጠገብ ሆኖ ሲበላ ፍሬ እንደማያካፍላት ምን ዋስትና አለኝ? ቸር ልጅ ነው፤ ያለውን ሁሉ ለእሷ ነው የሚሰጠው።

እንግዲህ የቀረኝ ጭኮው ነው። ዕለቱን ሙሉ የሚያቆያቸው እሱ ነው፤ አይበላሽም፣ አይሸትም፣ ለስላሳ ነው፣ ትንሽ ቆርሶ መያዝ ይቻላል። ያንቺን ጭኮ እናቴ ሳትቀር እስከ ዛሬ ታነሳዋለች። እሁድ ዕለት ሞከርኩት። የበሶ ዱቄት ገዝቼ፣ ንጥር ቅቤ አቅልጬ፣ ለወስኩት። እንደ አሸዋ ፈረፈረብኝ። ልጅቷ አንድ ጊዜ ስትቀምሰው ብናኙ ጉሮሮዋን ያዛትና አሳላት። እኔ ልቤ ወደቀ። ሁለተኛ አልሰጠኋትም።

ምንድነው የሳትኩት? ለ1 ኪሎ ዱቄት ስንት ቅቤ ነው የምታደርጊው? እናትሽ ገብሱን ቤት ቆልተው ነበር መሰለኝ የሚያስፈጩት። የገበያው ዱቄት ሻካራ ይሆን? ቅቤውስ ሞቅ እንዳለ ነው ወይስ ቀዝቀዝ ሲል? እኔ እየጾምኩ ስለሆነ ቀምሼም ማወቅ አልቻልኩም፤ ቀማሼ ናቲ ነው፣ እሱ ደግሞ ሁሉም ይጣፍጠዋል። አንቺ በጣትሽ ጫን እያደረግሽ «ይኸው፣ አሁን ያዘ» ስትዪ ይታየኛል። ያንን «ያዘ» የምትዪውን ነገር ነው ያላወቅሁት።

ደብዳቤውን ነገ ጠዋት በወንድምሽ በኩል እልክልሻለሁ። ስልኬ የድሮው ነው፣ አልቀየርኩትም። ልትደውዪ ባትፈልጊም ይገባኛል፤ መጠኑን ብቻ ለወንድምሽ ንገሪው። ብትደውዪ ግን ልጅቷን አሰማሻለሁ፤ ስልክ ላይ «አቤት» ማለት ለምዳለች።

ጭኮውን የምለውሰው ሐሙስ ማታ ነው። ቅቤውን ሳላቀልጥ እጠብቅሻለሁ።

ያንቺው