በኦቦክ ዳርቻ ነፍስ አድን ጀልባ ይቁም፦ ለኢትዮጵያ ማሪታይም ባለሥልጣን የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለኢትዮጵያ ማሪታይም ባለሥልጣን
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ በጂቡቲ ኦቦክ ዳርቻ ከጂቡቲ መንግሥት ጋር በጋራ የሚሠራ የነፍስ አድን አገልግሎት እንዲቋቋም ስለመጠየቅ

ክቡር ዋና ዳይሬክተር፣

እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2024 መጀመሪያ 310 ሰዎችን በሁለት ጀልባዎች ጭነው ከየመን የተነሡ አሻጋሪዎች፣ ተሳፋሪዎቹን በዚያው በኦቦክ ክልል ዳርቻ ባለችው ኮር አንጋር አጠገብ በግድ ባሕር ውስጥ አስወረዷቸው። ቢያንስ 45 ሰዎች ሞቱ። ቦታው ከዳርቻው 150 ሜትር ገደማ ይርቅ ነበር፤ ከአንድ ተኩል የእግር ኳስ ሜዳ የማይበልጥ ማለት ነው። በዚያው ዓመት በኤፕሪል፣ ጎዶሪያ አካባቢ ሁለት ጀልባዎች በሁለት ሳምንት ልዩነት ሰጥመው በመጀመሪያው 38፣ በሁለተኛው ከ20 በላይ ሰዎች አልቀዋል። በጃንዋሪ 2019ም እዚያው ጎዶሪያ ከ50 በላይ ሰው ሞቷል። በዚህ መስመር የሚመላለሰው ሰው አብዛኛው የእኛው ወገን መሆኑን ለእናንተ ማስረዳት አያስፈልግም።

ይህን የምንጽፍልዎ በመርከብ ሥራና በባሕር ደኅንነት ሙያ ላይ ያለን ኢትዮጵያውያን ነን። የምንጠይቀውም አንድ ነገር ነው፦ ኢትዮጵያ በጂቡቲ ፈቃድና አመራር ሥር፣ በኦቦክ ዳርቻ ለሚቆም የነፍስ አድን አገልግሎት ገንዘብና ባለሙያ ታዋጣ።

ያ ባሕር መብራት አላጣም። በቀይ ባሕር መግቢያ፣ በባብ ኤል መንደብ ባለችው ፔሪም ደሴት ላይ እንግሊዞች የመብራት ማማ ያቆሙት በ1861 ነው። ከኦቦክ አጠገብ የራስ ቢር መብራት አለ። በአፍሪካ ቀንድ ጫፍ፣ በጓርዳፉይ፣ መብራት እስኪበራ ድረስ ብዙ መርከብ አልቋል። ከደቡብ የሚመጡ መርከበኞች በክረምቱ ነፋስና ጭጋግ ውስጥ ራስ ሸናገፍ የሚባለውን ከፍታ ጓርዳፉይ ነው ብለው ቀድመው ወደ ምዕራብ ይታጠፉና ከሁለቱ መካከል ባለው ዝቅተኛ ዳርቻ ላይ ይጋጫሉ። የፈረንሣዩ የመንገደኞች መርከብ ሜኮንግ በ1877 የጠፋው በዚያ አካባቢ ነበር። ጣሊያኖች በ1924 መብራት ተከሉ፤ ዛሬም የቆመውን የድንጋይ ማማ በ1930 ሠሩ።

ሆኖም መብራት የሚጠቅመው ያለበት ቦታ ለጠፋው መርከበኛ ነው። ኮር አንጋር ላይ የሞቱት የብሱ የት እንዳለ ጠፍቷቸው አይደለም። እንዲህ ያለውን ሞት የሚያስቀረው ከዳርቻ የሚነሣ ነፍስ አድን ነው፤ የዚያ ሙያ ታሪክም የተጀመረው በተመሳሳይ ሐዘን ነው። በ1789 በእንግሊዝ የታይን ወንዝ መውጫ ላይ አድቬንቸር የተባለችው መርከብ ስትሰበር ዳር የቆመው ሕዝብ እያየ መርከበኞቿ አለቁ። ለነፍስ አድን ተብሎ የተሠራው ጀልባ በዓመቱ እዚያው ተሰማራ። በ1807 ደግሞ ስናይፕ የተባለች የጦር ጀልባ ከያርማውዝ ዳርቻ ሃምሳ ስድሳ ሜትር ላይ ስትጠፋ የተመለከተው ጆርጅ ማንቢ፣ ገመድ በመድፍ ወደ መርከብ የሚወረውርበትን ዘዴ ሠራ።

አሁን ወደ ራሱ አደጋው እንግባ። ጀልባው ከመጠን በላይ ስለሚጫን ጠርዙ ከውሃው ብዙም ከፍ አይልም። ሰው ተጠጋግቶ እስከተቀመጠ ድረስ ይንሳፈፋል። ማዕበል ሲመታው ወይም የጥበቃ ጀልባ ሲታይ ግን ሁሉም ብድግ ይላል፤ ክብደቱ ወደ ላይ ይወጣል፤ ሰዉ ወደ አንድ ወገን ሲያደላም ጀልባው ይገለበጣል። ዋና የማይችል ሰው ውሃ ውስጥ ሲገባ አይጮኽም። አፉ ከውሃው በላይ የሚቆየው ለቅጽበት ስለሆነ ለመተንፈስ እንጂ ለመጣራት አይበቃውም፤ እጆቹም ውሃውን ወደ ታች ስለሚጫኑ ለማውለብለብ አይነሡም። ከ20 እስከ 60 ሰከንድ ባለው ጊዜ ውስጥ ይሰጥማል። በሌሊት ጩኸት የሚጠብቅ ጠባቂ ምንም ሳይሰማ ሁሉ ነገር ያልቃል።

አዳኙ ራሱም በቅን ልብ ሊገድል ይችላል። ከጎን በኩል ከተጠጋ ሰዉ ሁሉ ወደ እሱ ይሮጥና ጀልባውን ይገለብጠዋል። ትክክለኛው አሠራር ራቅ ብሎ ቆሞ በድምፅ ማጉያ፣ ሰዎቹ በሚሰሙት ቋንቋ፣ «ተቀመጡ፣ አትነሡ፣ ማንም አይቀርም» ማለት ነው። ከዚያ በአፍንጫው ወይም በኋላው በኩል ቀስ ብሎ መጠጋት፤ አንድም ሰው ሳይነሣ በፊት ላይፍ ጃኬት ማደል፤ ሁሉም ከለበሰ በኋላ አንድ በአንድ፣ ሚዛን እየጠበቁ ማውጣት። ውሃ ውስጥ ወዳለ ሰው ሲቀርቡ ሞተሩን ከማርሽ ማውጣት ግድ ነው፤ አለዚያ ውሃ ውስጥ የሚሽከረከረው የሞተሩ ምላጭ እግር ይቆርጣል። የአዋቂ ጃኬት ሕፃን ላይ ሲደረግ በራሱ በኩል ሾልኮ ይወጣል፤ ስለዚህ በእግሮች መካከል የሚታሰር ማሰሪያ ያለው የልጆች ጃኬት ለብቻው መያዝ አለበት። ትንፋሹ የቆመ ሰው ሲወጣ ደረት ከመጫን በፊት 5 ጊዜ ትንፋሽ ይሰጠዋል፤ ትንፋሹ የቆመው አየር አጥቶ ነውና። ውሃ የሳበ ሰው ድኗል ተብሎ መለቀቅ የለበትም፤ ከሰዓታት በኋላ ሊብስበት ስለሚችል በሐኪም ዓይን ሥር መቆየት አለበት።

ክቡር ሆይ፣ ከዚህ ሁሉ እርምጃ የመጀመሪያው የሚሠራው ቋንቋ ካለ ብቻ ነው። በአማርኛ፣ በኦሮምኛና በትግርኛ «ተቀመጡ» የሚል ሰው በጀልባው ላይ ማስቀመጥ ከማንም ይልቅ ኢትዮጵያ የምትችለው ነገር ነው።

የባሕር በር ጉዳይ በሚያከራክርበት በዚህ ጊዜ ጥያቄያችን ከዚያ ጋር እንዳይቀላቀል አጥብቀን እንሻለን። ቀይ ባሕር ራሱ ለዚህ ምሳሌ አለው። የጀበል አል ጠይርና የአቡ አሊ ደሴቶች ባለቤት ማን እንደሆነ ሳይወሰን፣ በፌብሩዋሪ 1962 ለንደን ላይ በተፈረመ ስምምነት የመብራቶቻቸውን ወጪ መርከቦቻቸው በዚያ የሚያልፉ አገሮች ተካፈሉት። ኤርትራና የመን ስለ ደሴቶቹ ሲከራከሩ የዳኘው የግልግል ጉባኤም በ1998 ውሳኔው፣ የመብራት ማማ ማንቀሳቀስ የጉዞ ደኅንነት ሥራ እንጂ በተለምዶ የሉዓላዊነት መለኪያ አይደለም ብሏል። የነፍስ አድን ጀልባ ደግሞ ከመብራትም ይልቅ ከይገባኛል የራቀ ነው።

«ማዳን ስደትን ያበረታታል» የሚሉ አሉ። በ2024 ከላይ የጠቀስናቸው ጀልባዎች ሁሉ የሚጓዙት ከየመን ወደ ጂቡቲ ነበር። ብዙዎቹ መከራ ጠግበው ወደ አገራቸው የሚመለሱ ሰዎች ናቸው፤ የሚመለስን ሰው ምን ያበረታታዋል?

ለመጀመሪያ ይህ ይበቃል እንላለን፦ በኦቦክ አንድ፣ በኮር አንጋር አንድ፣ ከ6 እስከ 8 ሜትር የሚረዝም፣ ጠንካራ ወለል ያለው ባለ ጎማ ጀልባ፤ በእያንዳንዱ ላይ አራት ሰው፣ ቢያንስ አንዱ የአገራችንን ቋንቋዎች የሚናገር፤ በየጀልባው 100 ላይፍ ጃኬት፣ የልጆቹ ሳይቆጠር፤ 25 ሜትር የሚወረወር ገመድ፤ የባሕር አደጋ ጥሪ በሚተላለፍበት ቻናል 16 ሌት ተቀን የሚያዳምጥ ሬዲዮ። በዳርቻው የሚዞር የእግር ጠባቂ ደግሞ ገመድና ተንሳፋፊ ቀለበት ይያዝ፤ 150 ሜትር ላይ ቀድሞ የሚደርሰው እሱ ነውና። ሰው አለን፤ በቢሾፍቱ ባቦጋያና በባሕር ዳር የሠለጠኑ መርከበኞቻችን ባሕር ላይ ሕይወት የማዳን ትምህርት የወሰዱ ናቸው።

ለሞቱትም እንለምናለን። የተገኘው አስከሬን ሳይቀበር በፊት ፎቶግራፍ፣ የልብሱ ዓይነትና በኪሱ የተገኘው ስልክ ቁጥር ይመዝገብ፤ መቃብሩ ቁጥር ይሰጠው፤ መዝገቡም በጂቡቲ ላለው ኤምባሲያችን ይድረስ። ወሎና ሐረርጌ ውስጥ ልጇ በሕይወት ይኑር ይሙት ሳታውቅ የምትጠብቅ እናት ብዙ ናት።

ኢትዮጵያና ጂቡቲ ሁለቱም የጂቡቲ የሥነ ምግባር ደንብ የሚባለውን የባሕር ላይ ዝርፊያ መከላከያ ስምምነትና ሕገ ወጥ የሰው ዝውውርን የጨመረበትን እ.ኤ.አ. የ2017 የጅዳ ማሻሻያ ፈርመዋል፤ መነጋገሪያው መድረክ አለ። የመጀመሪያው ደብዳቤ ከእርስዎ ቢሮ ለጂቡቲ አቻዎ እንዲጻፍ፣ ጀልባዎቹ እስኪገዙ ድረስም ቋንቋ የሚችሉ መርከበኞች ለጂቡቲ የባሕር ዳርቻ ጥበቃ በውሰት እንዲሰጡ እንጠይቃለን።

ከአክብሮት ጋር
በባሕር ሙያ ላይ ያሉ ኢትዮጵያውያን

ግልባጭ፦
ለውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር