ሳትፈርሚ ካሜራ ፊት አትቁሚ

ደሴ፣ ጥር 14 ቀን 1997 ዓ.ም.

ውድ ልጄ፣

አክስትሽ ለጥምቀት መጥታ ሁሉንም አጫወተችኝ። በአንድ የቪዲዮ ፊልም የቤት ሠራተኛ ሆነሽ እየሠራሽ መሆኑን፣ ሦስት ቀን ተቀርጸሽም እስካሁን ውል አለመፈራረምሽን ስሰማ እንቅልፍ አጣሁ። የሠራተኛዋ ገጸ ባሕርይ አላሳፈረኝም፤ እኔም የተዋናይነት ዘመኔን የጨረስኩት ከረከቦት አጠገብ ነው። የምልሽ አንድ ነገር ነው፤ ሳትፈርሚ ካሜራ ፊት አትቁሚ።

ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ አዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ውስጥ ሥራ ጀመረ። እኔ ከዓመታት በኋላ ስገባ ድራማው በቀጥታ ይተላለፍ ስለነበር የሳተውን ቃል መልሶ የሚያቃና አልነበረም። አንድ ምሽት መሪው ተዋናይ ቃለ ተውኔቱ ጠፍቶበት ሲደነግጥ፣ ቡና ላቀርብ የገባሁት እኔ «ጌታዬ፣ የእርሻውን ነገር ሊነግሩን አልነበር?» ብዬ መንገዱን አስያዝኩት። ሲያበቃ እሱን አቅፈው ሳሙት፤ እኔ ሲኒዎቹን አጠብኩ። እናቴ፣ ነፍሷን ይማረውና፣ ጎንደር ሆና ቴሌቪዥን የሚባል ነገር ሳታይ አለፈች። አንቺም የዚያን ምሽት ሥራዬን አሳዪኝ ብትዪ የማሳይሽ የለኝም፤ አልተቀረጸማ።

ፊልምማ ብርቅ ነበር። «ሂሩት አባቷ ማነው» በ1957፣ «ጉማ» ደግሞ በ1966 ዓ.ም. ነው የመጡት። ስለዚህ አንድ አዘጋጅ ፊልም እሠራለሁ ብሎ ሲጠራኝ ስለ ገንዘብ መነጋገር ነውር መሰለኝና በቃል ተስማምቼ ሃያ ቀን ሠራሁ። ፊልሙም ሳያልቅ ቀረ፤ ክፍያዬም እንደዚያው። የአንቺ ሥራ ግን በየቪዲዮ ቤቱ ሲከራይ ስለሚኖር፣ ሳትፈርሚ አትቁሚ ስልሽ በከንቱ ስጨቀጭቅሽ አይምሰልሽ።

ውሉ በሁለት ቅጂ ይሁን፤ የቀረጻው ቀን ብዛት፣ ክፍያው በስንት ዙር እንደሚሰጥሽና ስምሽ ከተዋንያኑ ጋር መጻፉ ይግባበት። እምቢ ካሉሽ ልብስሽን ሰብስበሽ ውጪ፤ የአባትሽን ግትርነት ለዚህ ጊዜ ካልተጠቀምሽበት ለመቼ ሊሆንሽ ነው? ምግብም አትዝለዪ፣ የኔ ዓለም፤ ከስተሻል አሉ።

በአክስትሽ እጅ በሶና ጋቢ ልኬልሻለሁ። ጋቢው ለማታ ቀረጻ ነው፤ ስትፈቺው ቀስ በዪ። ከዚያ ምሽት ሲኒዎች አንዱን አልመለስኩትም ነበርና በውስጡ ጠቅልዬዋለሁ። ሳይሰበር መድረሱን ደውለሽ ንገሪኝ፤ ግን መጀመሪያ ፈርሚ።

እናትሽ